የማልኮም አርኖልድን የፊልም ሙዚቃ በሰዓትና በእርሳስ ማጥናት

መስመር ያለው ደብተር፣ እርሳስ፣ ሰከንድ የሚቆጥር ሰዓትና ጥሩ የጆሮ ማዳመጫ አዘጋጁ። የእንግሊዛዊውን የሙዚቃ ደራሲ የማልኮም አርኖልድን የሕይወት ታሪክ ለጊዜው አቆዩት፤ በኋላ ይደረስበታል። እኔ ትራምፔት ነፊ ነኝ። ወደ አርኖልድ የሳበኝም እርሱ ራሱ የፊልም ሙዚቃ ከመድረሱ በፊት የለንደን ፊልሃርሞኒክ ኦርኬስትራ ቀዳሚ ትራምፔት ነፊ መሆኑ ነው። ሥራውን የሚያጠና ሰው ይህን ካወቀ ለመጀመር ይበቃዋል። (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የመጀመሪያው ፊልም «ዘ ብሪጅ ኦን ዘ ሪቨር ክዋይ» ይሁን፤ ዓመቱ 1957፣ ዳይሬክተሩ ዴቪድ ሊን። የተማረኩት የእንግሊዝ ወታደሮች ልብሳቸው ነትቦ፣ ሰልፋቸው ግን ሳይፈርስ፣ እያፏጩ ወደ ጃፓኖች ካምፕ የሚገቡበትን ትዕይንት ፈልጉ። ሦስት ጊዜ አጫውቱት። በመጀመሪያው ዙር ፉጨቱን ብቻ ስሙ። በሁለተኛው ኦርኬስትራው የሚገባበትን ሰከንድ መዝግቡ። በሦስተኛው ፉጨቱን እናንተው በአፋችሁ እያንጎራጎራችሁ፣ ኦርኬስትራው የሚጫወተው ሌላ ዜማ መሆኑን ለዩ።

ፉጨቱ የአርኖልድ አይደለም። «ኮሎኔል ቦጊ» የሚባል ማርሽ (የሰልፍ ሙዚቃ) ነው፤ በ1914 የወጣ፣ ኬነዝ አልፎርድ በሚል የብዕር ስም ይጽፍ የነበረው የወታደር ባንድ መሪ ፍሬድሪክ ጆሴፍ ሪኬትስ ሥራ። የአርኖልድ ድርሻ ከፉጨቱ ጋር ጎን ለጎን እንዲሄድ የጻፈው ሌላው ማርሽ ነው። እኔ ለዓመታት ፉጨቱን የእርሱ አድርጌ ለሰው ሳወራ ኖሬአለሁ። ስህተቴን ያወቅሁት ሁለቱን ዜማዎች ለየብቻ በኖታ ጽፌ፣ አንዱን ቀድቼ ሌላውን በላዩ በትራምፔት የነፋሁ ዕለት ነው። ሁለቱ እርስ በርስ ሳይጋፉ ይሄዳሉ፤ አንዱ ትንፋሽ ሲወስድ ሌላው ይናገራል። የፊልሙን ሙዚቃ በሙሉ በአሥር ቀን ገደማ መጨረሱ ይነገራል፤ የኦስካር ሽልማትም አስገኝቶለታል።

ይህ ዘዴ ለአርኖልድ የአንድ ጊዜ ብልሃት አልነበረም። በ1958 በወጣው «ዚ ኢን ኦፍ ዘ ሲክስዝ ሃፒነስ» ውስጥ ልጆቹ «ዲስ ኦልድ ማን» የተባለውን የሕፃናት መዝሙር ይዘምራሉ። በ1961ዱ «ዊስል ዳውን ዘ ዊንድ» ደግሞ ልጆች ጎተራ ውስጥ ተደብቆ ያገኙትን ወንጀለኛ ክርስቶስ ነው ብለው ያምናሉ፤ ሙዚቃውም ስለ ሰብአ ሰገል የሚዘመረውን «ዊ ስሪ ኪንግስ» ያነሣል። ሦስቱን ፊልሞች በአንድ ሳምንት ውስጥ እዩ። ብዙ የሙዚቃ ሰዎች ሁሉም የሚያውቀውን ተራ ዜማ ይንቃሉ። አርኖልድ ግን ያከብረዋል፤ ወዳጅ እንደሚፈልግለት ሰው አዲስ ዜማ ያጎዳኝለታል። እኔ እንደምሰማው ትልቁ ተሰጥኦው ይህ ነው።

አሁን ደብተሩን በአራት ዓምድ ክፈሉት፦ ሙዚቃው የጀመረበት፣ ያበቃበት፣ የሚታየው፣ የሚሰማው። በዚያ ዘመን የእንግሊዝ የፊልም ሙዚቃ ደራሲ ሥራውን የሚጀምረው እንዲህ ካለ ሰንጠረዥ ነበር። ስሌቱን ማወቅ ይጠቅማችኋል። 35 ሚሊ ሜትር ፊልም በሰከንድ 24 ምስል ያሳልፋል፤ በአንድ ጫማ ርዝመት ላይ 16 ምስል አለ። ስለዚህ አንድ ደቂቃ 90 ጫማ፣ 10 ሰከንድ 15 ጫማ ይሆናል። በደቂቃ 120 ምት ባለው ማርሽ አንዱ ምት 12 ምስል ይፈጃል። እያንዳንዱ አራት ምት ያለው 20 ባር (የኖታ ክፍል) ብትጽፉ 80 ምት ነው፤ 40 ሰከንድ፣ 60 ጫማ። ትዕይንቱ ላይ አንድ በር በ41ኛው ሰከንድ የሚዘጋ ከሆነ ያቺን ቀሪ አንድ ሰከንድ ምን እንደምታደርጓት ማሰብ አለባችሁ። አንድ ገጽ በዚህ መንገድ ሞልታችሁ ስትጨርሱ ደራሲው በምን ዓይነት ጠባብ ቦታ ላይ ይሠራ እንደነበር እጃችሁ ራሱ ይነግራችኋል።

አንድ ነገር ተጠንቀቁ። ከፊልሙ ጋር አብሬ ልነፋ ስሞክር ትራምፔቴ አልገጥም ብሎ አንድ ምሽት ሙሉ አስቸገረኝ። ማስተካከያውን ሳስገባ፣ ሳወጣ፣ አፉን ስቀይር አመሸሁ። ጥፋቱ የመሣሪያው አልነበረም። በእንግሊዝና በአብዛኛው አውሮፓ የቴሌቪዥን ሥርዓት የተዘጋጁ የድሮ ዲቪዲዎች ፊልሙን በሰከንድ 25 ምስል ያስኬዱታል። የ161 ደቂቃ ፊልም በዚህ ፍጥነት ስድስት ደቂቃ ተኩል ገደማ ያጥራል፤ ድምፁም ካልተስተካከለ ከግማሽ ድምፅ (በፒያኖ ከአንዱ ቁልፍ እስከ ቀጣዩ ያለው ልዩነት) ትንሽ ባነሰ ልክ ይቀጥናል። ስለዚህ ከመለካታችሁ በፊት የፊልሙን ጠቅላላ ርዝመት አረጋግጡ። ፈጥኖ ካገኛችሁት የለካችሁትን ሰከንድ በ25 አባዝታችሁ ለ24 አካፍሉ።

ከዚያ በኋላ «ሆብሰንስ ቾይስ»ን ክፈቱ፤ የ1954 ሥራ ነው፣ የዴቪድ ሊን። እኔ ከሁሉም አብልጬ የምወደው ይህን ነው። ሆብሰን በሳልፎርድ ከተማ የጫማ ሱቅ ያለው፣ መጠጥ የሚወድ፣ ሴት ልጆቹን የሚያስጨንቅ ሰው ነው፤ ቻርልስ ሎተን ይጫወተዋል። አርኖልድም ራሱ በ1921 የተወለደው በጫማ ሥራዋ በታወቀችው በኖርዝሃምፕተን፣ ከጫማ አምራች ቤተሰብ ነው። ሆብሰን በሌሊት ከመጠጥ ቤት ሲወጣ ዝናብ ጥሎ አባርቷል፤ ጨረቃዋ መንገዱ ላይ በተቋጠረው ውኃ ውስጥ ትታያለች። ሊረግጣት ይሄዳል፤ ትጠፋለች። ቀና ሲል ደግሞ ሌላው ውኃ ውስጥ ናት። ያቺ ጨረቃ ስትታይ የሚሰማውን ድምፅ በጥሞና አድምጡ፤ የሰው ልጅ እንጉርጉሮ ይመስላል፣ ግን አይደለም። የእንጨት መቁረጫ መጋዝ ነው፤ ጎበጥ ተደርጎ በቫዮሊን ደጋን ሲገዘገዝ እንዲያ ያለቅሳል። በዚህ ትዕይንት ላይ ሰዓታችሁን አስቀምጡና የሎተንን እግር ብቻ ተከተሉ። አረማመዱ ሲከብድ በወፍራም ድምፅ የሚነፉት የነሐስ መሣሪያዎች ምን እንደሚያደርጉ፣ ዓይኑ ጨረቃዋ ላይ ሲቀር መጋዙ እንዴት እንደሚንሳፈፍ፣ በአራተኛው ዓምድ ላይ በራሳችሁ ቃል ጻፉ። ሰካራም ላይ ማሳቅ ቀላል ነው። አርኖልድ ግን ለዚህ ሰው ጨረቃዋን እውነተኛ አድርጎለታል።

ፊልሙን የሠሩትን ሰዎች ስም ዝርዝርም አንብቡ። ሙዚቃውን የደረሰውና ኦርኬስትራውን የመራው ሁልጊዜ አንድ ሰው አይደለም። በዚያ ዘመን በብዙ የእንግሊዝ ፊልሞች ላይ ሚዩር ማቲሰን የሚል ስም ታገኛላችሁ። ስኮትላንዳዊ የሙዚቃ መሪ ነበር፤ ብዙ የኮንሰርት ሙዚቃ ደራሲዎችን ወደ ፊልም ያመጣ ሰው ነው።

የኮንሰርት ሥራዎቹን ቶሎ አትጀምሩ። ዘጠኝ ሲምፎኒዎች አሉት፤ ለእነርሱ ሌላ ደብተር ያስፈልጋል። ለመሸጋገሪያ ግን በ1952 ለዴቪድ ሊን «ዘ ሳውንድ ባሪየር» የጻፈው ሙዚቃ ይመቻል፤ ከዚያው ፊልም ለኮንሰርት መድረክ የሚሆን ራፕሶዲ (ቅርጹ ነፃ የሆነ የኦርኬስትራ ሥራ) አውጥቶበታልና ሁለቱን ማነጻጸር ይቻላል። ፊልሙ ላይ በአውሮፕላን ሞተር ድምፅ የተሸፈነው ሙዚቃ ራፕሶዲው ላይ ጥርት ብሎ ይሰማል።

በመጨረሻ ወደ ክዋይ ተመለሱና የመጨረሻውን ክፍል እንደገና እዩ። ወንዙ በሌሊት ጎድሏል፤ ፈንጂው የተያያዘበት ሽቦ አሸዋው ላይ ወጥቶ ይታያል፤ ባቡሩ እየመጣ ነው። እርሳሳችሁን ይዛችሁ ጠብቁ። የሚሰማችሁ ውኃው፣ ወፎቹ፣ ከሩቅም የባቡሩ ድምፅ ነው። ሙዚቃው የት ላይ እንደሚያቆም፣ የት ላይ እንደሚመለስ መዝግቡ፤ በመካከል ያለውን ባዶ መስመርም ሳትዘሉ ሰከንዱን ጻፉበት። እኔ ደብተር ላይ ብዙ ጊዜ የምመለስበት ገጽ ያ ነው።