በገጠር ምድር ላይ የድንጋይ ጥበብ ሲሠራ ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

በደቡብ ምሥራቅ ፈረንሳይ፣ ዲኝ ሌ ባን በተባለችው ከተማ ዙሪያ፣ ነዋሪዎቻቸው የለቀቋቸው የእርሻ ቤቶች፣ የጸሎት ቤቶችና የበግ በረቶች ፈርሰው ቀርተው ነበር። ብሪታኒያዊው ቀራፂ አንዲ ጎልድስዎርዚ ከከተማዋ የጋሳንዲ ሙዚየም ጋር ሆኖ ከፍርስራሾቹ ውስጥ የተወሰኑትን አደሰ፤ በውስጣቸውም የራሱን ሥራ አኖረ። በሦስት ሸለቆዎች ደግሞ እንቁላል የመሰሉ ሦስት ካቦች አቆመ። ሥራዎቹን የሚያገናኘው የእግር መንገድ 150 ኪሎ ሜትር ገደማ ይሆናል። እሱን አይቶ ተመሳሳይ ሥራ ለመጀመር የሚነሳ ቀራፂ ብዙ ጊዜ የሚሰናከለው በሚከተሉት ነው።

ቅርጹን ወስኖ ቦታ መፈለግ

ንድፉ አስቀድሞ ካለቀ፣ ቦታው ማስቀመጫ ብቻ ይሆናል። መጀመሪያ ቦታው ቢያንስ አንድ ሙሉ የዝናብ ወቅት ይታይ። ጎርፉ በየት ይወርዳል? ውኃው የት ይተኛል? ከብቱስ በየት ያልፋል? ተዳፋት ላይ የተሠራ ካብ ብዙውን ጊዜ የሚፈርሰው ከጀርባው የተጠራቀመው ውኃ ገፍቶት ነው። ስለዚህ ከካቡ ጀርባ 30 ሴንቲ ሜትር ያህል ስፋት በጠጠር ይሞላል፤ የጎርፉ ቦይም ከላይ ወደ ጎን ይመለሳል።

ካቡን በሲሚንቶ “ማጠንከር”

ይህ ጉዳቱ ወዲያው የማይታይ በመሆኑ የከፋ ስህተት ነው። ደረቅ ካብ፣ ማለትም ያለ ማጣበቂያ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ብቻ የተካበ፣ በየክፍተቱ ውኃ ያስወጣል፤ መሬቱ ሲላወስም አብሮ ትንሽ ትንሽ ይላወሳል። ክፍተቱ በሲሚንቶ ሲደፈን ውኃው መውጫ ያጣል፤ ግድግዳው አንድ ወጥ ይሆንና ሲሰነጠቅ በአንድ ጊዜ ይሰነጠቃል። የኮንሶ እርከኖችን ያየ ሰው ይህን አይጠራጠርም። ካቦቹ በአንዳንድ ቦታ እስከ 5 ሜትር ከፍታ አላቸው፤ የቆሙትም ያለ ሲሚንቶ፣ በገበሬው የየጊዜው ጥገና ነው። ዩኔስኮ በ2011 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት መዘገባቸው።

ድንጋዩን ለመልኩ ብሎ ማስተኛት

ረጅሙን ጎን ወደ ውጭ አድርጎ ማስተኛት ፊቱን ያሳምራል፤ ቦታም ቶሎ ይሸፍናል። ያ ድንጋይ ግን ግድግዳው ውስጥ የያዘው ነገር ስለሌለ ተንሸራትቶ ይወጣል። ርዝመቱ ወደ ውስጥ መግባት አለበት። እያንዳንዱ ድንጋይ ከሥሩ ባሉ ሁለት ድንጋዮች ላይ ይረፍ፤ መገጣጠሚያው ከታች ካለው መገጣጠሚያ ጋር በአንድ መስመር ከገጠመ ካቡ እዚያው ላይ ይከፈላል።

በሁለት ፊት ለሚካብ፣ ቁመቱ 1.4 ሜትር ለሆነ ግድግዳ፣ መሠረቱ 70 ሴንቲ ሜትር ይሰፋል፤ ወደ ላይ እየጠበበ ጫፉ ላይ 40 ያህል ይደርሳል። ከመካብ በፊት ለስላሳው አፈር ተነሥቶ ጠንካራው መሬት እስኪገኝ፣ በአብዛኛው ከ20 እስከ 30 ሴንቲ ሜትር ይቆፈራል፤ ትልልቆቹ ድንጋዮች እዚያ ይገባሉ። 60 ሴንቲ ሜትር ላይ ሲደረስ ከፊት እስከ ኋላ የሚያልፉ ማሰሪያ ድንጋዮች በየአንድ ሜትሩ ይጋደማሉ። በሁለቱ ፊቶች መካከል ያለው ክፍተት በትናንሽ ድንጋዮች በእጅ እየተጠቀጠቀ ይሞላል። አፈር ከተጣለበት አፈሩ በዝናብ ይታጠባል፤ ሆዱ ይጎድላል፤ ፊቶቹም ወደ ውስጥ ይሰምጣሉ።

ለአንድ ሜትር ርዝመት 1.5 ቶን ያህል ድንጋይ ያስፈልጋል። ሃያ ሜትር ሠላሳ ቶን ማለት ነው። ይህን አስቀድሞ ያላሰላ ሰው ሥራው ሲጋመስ ድንጋይ ያልቅበትና ዓይኑን በገበሬው እርከን ላይ ይጥላል። አፈር የያዘን ካብ አፍርሶ ጥበብ መሥራት በፍጹም አይገባም፤ ወርዶ የተበተነው ድንጋይ ይሰብሰብ።

እንቁላሉን ማጣደፍ

እንቁላል የሚመስል ካብ ከታች ሲጀምር እየሰፋ ነው የሚሄደው፤ እያንዳንዱ ዙር ከሥሩ ካለው ጥቂት ወጣ ይላል። ከድንጋዩ ርዝመት ሲሦ በላይ ወደ ውጭ ከወጣ አደጋ ነው። የኋላው ጫፍ በሚቀጥለው ዙር ክብደት እስኪያዝ ድረስ ምንም ነገር አይቁምበት። ውስጡም ከፊቱ እኩል እየተሞላ ይውጣ፤ ፊቱ ብቻ ቀድሞ ከወጣ ሁሉም ይናዳል። ለዚህ ሥራ ጠፍጣፋ ድንጋይ የግድ ነው፤ ድቡልቡል ድንጋይ ብቻ ባለበት አካባቢ ሌላ ቅርጽ ይመረጥ።

ገበሬውን ተመልካች ማድረግ

በጃፓን ኒጋታ፣ 760 ካሬ ኪሎ ሜትር ስፋት ባለው በኤቺጎ ጹማሪ፣ ወጣቱ ወደ ከተማ ሄዶ መንደሮቹ የአረጋውያን ብቻ ሲሆኑ ከ2000 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ትልቅ የጥበብ ፌስቲቫል ይካሄዳል። ኢሊያ እና ኤሚሊያ ካባኮቭ የተባሉ ባልና ሚስት አርቲስቶች እዚያ በሩዝ እርከኖች ላይ የሩዝ እርሻን ሥራዎች የሚያሳዩ ባለ ቀለም የገበሬ ምስሎች አቆሙ። ሥራው እርሻው ካልታረሰ ትርጉም የለውም። የእርከኑ ባለቤት ማረስ ሊያቆም አስቦ ነበር፤ የሥራው ሐሳብ ሲገባው ግን ዓመታት ቀጠለ። እንዲህ ያለ ስምምነት በአንድ ስብሰባ አይገኝም። መሬቱ የማን ነው፣ ስንት ዓመት ይቆያል፣ ሣሩን ማን ያጭዳል፣ ሲፈርስ ማን ያነሳዋል የሚለው ገና ድንጋይ ሳይነሳ በጽሑፍ ይቀመጥ።

ፎቶ ተነሥቶ የሚኬድበት ቦታ መሥራት

ሁሉንም ሥራ መኪና በሚደርስበት አንድ ኮረብታ ላይ መደርደር ለጎብኚው ይመቻል፤ ለመንደሩ ግን ምንም አያስቀርም። ኤቺጎ ጹማሪ ሥራዎቹን ሆን ብሎ በየመንደሩ በትኗቸዋል። የኒሆን ዩኒቨርሲቲ የቅርጻ ቅርጽ መምህርና ተማሪዎች አንድ ባዶ የቀረ አሮጌ ቤት ወስደው ግድግዳውን፣ ወለሉንና ምሰሶውን ሁሉ በመሮ ጠረቡት፤ በ2006 እ.ኤ.አ. ለሕዝብ ተከፈተ፤ እንግዳም ያድርበታል። ያደረ እንግዳ ይበላል፣ መንገድ ይጠይቃል፣ ከሰው ጋር ይተዋወቃል።

ተሸክመው የሚሄዱትን ነገር ሜዳ ላይ መተው

የኮንሶ የመቃብር ሐውልቶች፣ ዋካዎቹ፣ ከእንጨት የተሠሩና ሊነሡ የሚችሉ በመሆናቸው ብዙዎቹ ተሰርቀው ተሸጠዋል። ትንሽ ሥራ ቤት ውስጥ ይቀመጥ፤ ሜዳ ላይ የሚቆም ከመሬት ጋር ይያያዝ። ከእያንዳንዱ ዝናብ ወቅት በኋላም ካቡ በቱምቢ ይለካ። ሆዱ የተነፋ ክፍል ከታየ የወደቀ ድንጋይ እስኪኖር አይጠበቅም፤ ያ ክፍል እስከ መሠረቱ ተፈትቶ፣ ድንጋዮቹ በየዙራቸው መሬት ላይ ተደርድረው፣ እንደገና ይካባል።