መሬታችሁ ለልማት ሊወሰድ ነው? የካሳውን ሂሳብ ራሳችሁ ስሩት

መጀመሪያ አንድ ነገር እንግባባ፣ ለመሬቱ ለራሱ ዋጋ አይከፈላችሁም። በህገ መንግስቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግስትና የህዝብ ነው፣ ስለዚህ እዛ ማዶ ያለው ቦታ በሊዝ ይህን ያህል ሚሊዮን ወጣ እያሉ ካሳውን የሚያሰላው ገማች ላይ መጮህ ጊዜ ማባከን ነው (ያንገበግባል አውቃለሁ፣ ግን ህጉ እሱ ነው)። የሚከፈለው መሬቱ ላይ ላለው ንብረት፣ ለመሬቱ ላወጣችሁት ማሻሻያና ለሚቀርባችሁ ገቢ ነው። የሚሰራበት አዋጅ 1161/2011 ነው፣ 2016 ላይ በአዋጅ 1336 ተሻሽሏል፣ ዝርዝር ስሌቱ ደሞ ደንብ 472/2012 ላይ አለ።

ገጠር ላላችሁ ትልቁ ብር ያለው የልማት ተነሺ ካሳ የሚሉት ላይ ነው። እስከመጨረሻው ከተነሳችሁና ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ካልተሰጣችሁ፣ ካለፉት 3 አመታት ውስጥ ከፍተኛ ገቢ ያገኛችሁበት አንዱ አመት ተወስዶ በ15 ይባዛል። አማካይ አይደለም፣ ከፍተኛው ነው! የድሮው አዋጅ 455/1997 የ5 አመት አማካይ በ10 ስለነበር አንዳንዱ ሰው እስካሁን በሱ ነው የሚያወራው። ለምሳሌ ግማሽ ሄክታር ያለው ሰው በ3ቱ አመት 70ሺ፣ 95ሺ፣ 80ሺ ብር አገኘ እንበል። 95,000 በ15 ሲባዛ 1,425,000 ይመጣል። በአማካይ ቢሰላ ግን 1,225,000 ነው፣ 200ሺ ብር እዛው ቀረ ማለት ነው። ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ከተሰጣችሁ ግን በ15 የሚባለው የለም፣ የአንድ አመት ገቢ ነው የሚታሰበው።

እና ሰው ሁሉ 15 ላይ ይከራከራል፣ 15 ግን በህግ ያለቀ ነው፣ ክርክሩ ያለው የሚባዛው ቁጥር ላይ ነው። በመስኖ ሁለቴ የምታመርቱ ከሆነ የክረምቱ ጤፍ ተቆጥሮ የበጋው ሽንኩርት ከተረሳ፣ ሽንኩርቱ የ20ሺ ብር ቢሆን እንኳን የምታጡት 300ሺ ነው። ስለዚህ ገማቹ ከመምጣቱ በፊት በየአመቱ ምን ዘራችሁ፣ ስንት ኩንታል ገባ፣ በስንት ተሸጠ የሚለውን ደብተር ላይ ጻፉት፣ የህብረት ስራ ማህበር ደረሰኝ ካለ አያይዙ። ሰብሉን የሚያሰሉት በካሬ ሜትር ነው፣ በካሬ የተለካው ስፋት ከአንድ ካሬ በሚገኘው ምርት ይባዛል፣ ከዛ በኪሎ ዋጋ ይባዛል፣ እና ሶስቱንም ቁጥር ጠይቁ፣ በተለይ ዋጋው የየትኛው ገበያና የየትኛው ጊዜ እንደሆነ። ገለባውስ ተቆጥሯል ወይ ብላችሁ ጠይቁ፣ በዚህ ዘመን ገለባ እንደ ድሮው ዝም ብሎ የሚሰጥ ነገር አይደለም። ስፋቱ ሲለካ ደሞ ቆማችሁ እዩ፣ የይዞታ ደብተሩ ላይ ካለው ጋር ካልገጠመ ሳትፈርሙ ተናገሩ።

ዛፍና ቋሚ ተክል በቁጥር ነው፣ ምርት መስጠት የጀመረና ያልጀመረ ስሌቱ ለየብቻ ነው፣ ቡና ወይ ባህር ዛፍ ያላችሁ ከገማቹ ጋር አብራችሁ ቁጠሩ።

ቤት ከሆነ የሚከፈለው በአዲስ መልክ ለመተካት የሚያስፈልገው ወጪ ነው፣ ስለዚህ ቤቱ አርጅቷል ተብሎ ከተቀነሰባችሁ ቅሬታ አቅርቡበት። አጥር፣ ሽንት ቤት፣ የውሃና የመብራት መስመር ማንሻ ምናምን በጣም የሚረሱ ነገሮች ናቸው፣ ሁሉንም በስልክ ፎቶ አንሱ። ከሰፈራችሁ ርቃችሁ የምትሄዱ ከሆነ ለማህበራዊ ትስስር መቋረጥና ለሞራል ጉዳት የሚባል ካሳም አለ፣ ብዙ ሰው ሳይጠይቀው ያልፋል። አንድ ማስጠንቀቂያ፣ እንደሚነሳ ከተነገራችሁ በኋላ ካሳ ለመጨመር ብላችሁ የምትሰሩት ክፍል አይቆጠርላችሁም፣ ብሎኬቱን አታባክኑ።

ግምቱ ካላሳመናችሁ መጀመሪያ ወደ አቤቱታ ሰሚው ነው፣ እሱ ካላረካችሁ ወደ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ ከዛ ነው ፍርድ ቤት። በቀጥታ ፍርድ ቤት ብትሄዱ ይመልሷችኋል። አቤቱታ ለማቅረብ ያላችሁ 30 ቀን ነው፣ ስለዚህ የመነሻ ትዕዛዙ ደብዳቤ ላይ የደረሳችሁን ቀን ጻፉበት፣ የስሌቱን ዝርዝርም በወረቀት ጠይቁ፣ ድምሩን ብቻ ነግረዋችሁ ከሆነ የቱ ቁጥር እንደተሳሳተ ማሳየት አትችሉም። አቤቱታው ላይም "ካሳው አነሰኝ" ብቻ ብላችሁ አትጻፉ፣ ገማቹ የያዘውን ቁጥርና የናንተን ጎን ለጎን አድርጋችሁ ልዩነቱን በብር አስቀምጡት።