ጊታርን በጆኒ ሚቸል መንገድ መቃኘት

ካናዳዊቷ የፎክ ሮክ ዘፋኝና የዜማ ደራሲ ጆኒ ሚቸል (የተወለደችው በ1943 እ.ኤ.አ. አልበርታ ውስጥ ነው) በልጅነቷ የያዛት ፖሊዮ ግራ እጇን አድክሞባታል። የተለመዱት ኮርዶች (አንድ ላይ የሚመቱ ድምፆች) ስለከበዷት ክሮቹን በራሷ መንገድ ቃኘቻቸው፤ ያ ቅኝት የሙዚቃዋ መለያ ሆነ። ለጀማሪ የሚመቸው ‹ክፍት ዲ› የሚባለው፣ ክሮቹ ሳይያዙ ሲመቱ ዲ ኮርድ የሚሰጠው ቅኝት ነው።

6ኛውን፣ ማለትም ወፍራሙን ክር ከኢ ወደ ዲ (የድምፆች ስም ናቸው) ያላሉት። 12ኛው ፍሬት (በጊታሩ አንገት ላይ ያለው የብረት መስመር) ላይ ሲያዝ ከ4ኛው ክር ባዶ ድምፅ ጋር መግጠም አለበት። 5ኛውና 4ኛው አይነኩም። 3ኛውን ከጂ ወደ ኤፍ ሻርፕ ግማሽ ድምፅ ብቻ ያውርዱ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ስለሆነ 4ኛውን ክር 4ኛው ፍሬት ላይ ይዘው ያመሳክሩ። 2ኛው ከቢ ወደ ኤ፣ 1ኛው ከኢ ወደ ዲ ይወርዳል።

ሁልጊዜ ከሚፈለገው ድምፅ ዝቅ አድርገው ከዚያ ወደ ላይ እያጠበቁ ይድረሱ። ከላይ ወደ ታች ከመጡ መቃኛው ላይ የቀረው ልል ክር ሲመታ ይለቀቅና ቅኝቱ ይበላሻል።

አሁን ምንም ሳይዙ ቢመቱት ዲ ኮርድ ይሰማል። አንድ ጣት 5ኛው ፍሬት ላይ በሁሉም ክሮች ቢጋደም ጂ፣ 7ኛው ላይ ኤ ይሆናል።

ክሩ ሲመታ ፍሬቶቹ ላይ ከተንጫጫ ስለላላ ነው፤ ከ012 ወደ 013 ውፍረት (የቀጭኑ ክር ውፍረት በኢንች ሺኛ) ይለውጡ። ክፍት ኢ ሲፈልጉም ክሮቹን አይወጥሩ፣ ይበጠሳሉ፤ ካፖውን (ክሮቹን ሁሉ አንድ ላይ የሚጫን መቆንጠጫ) 2ኛው ፍሬት ላይ ማሰር ይበቃል።