ስለ ጥልቅ ባሕር ቀንድ አውጣ ስትጽፉ ስሙን አታበላሹ

የሳይንስ ጽሑፍ ማረም ሥራዬ ነው። አብዛኛው ከእንግሊዝኛ እየተመለሰ የሚመጣ ነው። ደጋግመው ከሚመጡልኝ ርዕሶች አንዱ "ብረት የለበሰው ቀንድ አውጣ" ነው። እንስሳው የሚኖረው በሕንድ ውቅያኖስ ወለል ላይ፣ ከ2,400 ሜትር በላይ ጥልቀት፣ ከመሬት ውስጥ ፍል ውሃ በሚወጣበት ቦታ ነው። ዛጎሉ ከአምስት ሳንቲ ሜትር አይበልጥም። እግሩ ግን እርስ በርስ በተደራረቡ ቅርፊቶች ተሸፍኗል። ቅርፊቶቹም ዛጎሉም ላይ የብረትና የድኝ ማዕድን አለ። ሳይንሳዊ ስሙ ክሪሶማሎን ስኳሚፈረም ይባላል።

እንስሳው ቢያስደንቃችሁ አልፈርድባችሁም፤ እኔንም ያስደንቀኛል። ስሙ ላይ ስትደርሱ ግን ሁላችሁም እዚያው ቦታ ትወድቃላችሁ። እስቲ አንድ ጊዜ ጽፌው ልገላገል።

የስሙን ትርጉም የእንስሳው ታሪክ ማድረግ

ደሜን የሚያፈላው ይኼኛው ነው።

ትርጉሙን ማወቅ ጥሩ ነው። "ክሪሶ" ከግሪክ የመጣ ነው፣ ወርቅ ማለት ነው። ለእኛ ሩቅ ቃል አይደለም። ግሪኮች ክሪሶስቶሞስ የሚሉትን ቅዱስ እኛ ዮሐንስ አፈወርቅ እንለዋለን። "ማሎን" ደግሞ ከጠጉር ጋር የተያያዘ ነው። "ስኳሚፈረም" ላቲን ነው፣ ቅርፊት ተሸካሚ ማለት ነው። ቅርፊት ስል የዓሣውን እንጂ የዛፉን አይደለም። "ወርቅ" ያሰኘው ፓይራይት የተባለው ማዕድን ነው፤ ብረትና ድኝ ሆኖ መልኩ ወርቅ ይመስላል። በቃ። እዚህ ላይ ማቆም ነው።

ማን ያቆማል! አንዱ "ወርቅ የሚያመርት ቀንድ አውጣ ተገኘ" ብሎ ይመጣል። ሌላዋ ስለ "ወርቃማ ጠጉሩ" ሙሉ አንቀጽ ጽፋ፣ ጠጉሩ ከፍል ውሃው ሙቀት እንደሚከላከልለት ጨምራ ሰጠችኝ። ጠጉሩ የታለ? ፎቶው እዚያው ከጽሑፉ ጎን ተለጥፏል። የሚታየው ጥቁር፣ ቅርፊታም እግር ነው። ከየት አመጣሽው ስላት "ስሙ ላይ አለ" አለችኝ። ፎቶውን ትታ ስሙን አመነች።

ስምን መልአክ ያወጣዋል እንላለን። ይኼን ስም ያወጡት ግን አራት ተመራማሪዎች ናቸው፤ ቼን፣ ሊንሴ፣ ኮፕሊና ሮጀርስ፣ በ2015 (እዚህ እኔ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። በእጃቸው ያለውን ናሙና አዩ፣ የሚያምር ስም መረጡ፣ አሳተሙት። የስሙ ሥራ ይኼ ቀንድ አውጣ ከሌላው እንዳይምታታ ማድረግ ነው። ስለ ኑሮው ማወቅ የፈለገ ጥናቱን ያነባል።

ማስረጃ ካስፈለገ፣ ሶሊቴር በሚባለው ቦታ የሚኖሩትን እዩ። በ2009 ነው የተገኙት። ነጭ ናቸው። ቅርፊቱ አላቸው፣ የብረቱ ማዕድን ግን የላቸውም። ምክንያቱ የሰፈሩ ውሃ ነው። ድኙ የሚመጣው ከቀንድ አውጣው ገላ ነው፣ ብረቱ የሚመጣው ከፍል ውሃው ነው። የሶሊቴር ፍል ውሃ ብረት ያንሰዋል። ስለዚህ እዚያ ወርቅ የሚመስል ነገር በቀንድ አውጣዎቹ ላይ አታገኙም። ስማቸው ግን ያው ክሪሶማሎን ስኳሚፈረም ነው፤ ዝርያው አንድ ነውና። "ወርቅ የላችሁምና ስማችሁን መልሱ" ያላቸው የለም። ሊልም አይችልም። የእንስሳት ስያሜ ዓለም አቀፍ ደንብ አንቀጽ 18፣ ስም ከእንስሳው ጋር አልገጠመም ተብሎ እንደማይሻር በግልጽ አስቀምጧል።

ስለ እንስሳው ምንም የማይነግሩ ስሞችም ሞልተዋል። አልቪኒኮንቻ ሄስለሪን እንይ። አልቪን የአሜሪካኖች ምርምር ሰርጓጅ ነው። ኮንቻ በላቲን ዛጎል ነው። ሄስለር ደግሞ ሮበርት ሄስለር የተባለው የጥልቅ ባሕር ተመራማሪ ነው። ኢፍሬሜሪያ ናውቲለይም እንዲሁ ነው፤ ኢፍሬመር የፈረንሳይ የባሕር ምርምር ተቋም ነው፣ ኖቲል ሰርጓጁ ናት። አልቪኒኮንቻ ስትረመሪ ደግሞ በዘፋኙ በጆ ስትረመር ስም ነው የተሰየመው። ዛጎሉ ላይ የቆሙት እሾህ መሳይ ነገሮች ሰያሚዎቹን የፓንክ ሙዚቀኞችን አለባበስና ጸጉር ስላስታወሷቸው ነው። እስቲ ይኼን ተርጉማችሁ ስለ አኗኗሩ አንድ አንቀጽ ጻፉልኝ።

ስሙን አማርኛ አድርጎ ዋናውን መጣል

"ወርቅ ጠጉር ቅርፊት ተሸካሚ" ብሎ ጽፎ ክሪሶማሎን የሚለውን የትም ያላስገባ ጽሑፍ አርሜያለሁ። አንባቢው ተጨማሪ ልፈልግ ቢል ምን ብሎ ይፈልግ? ስሙን እንደ ድምፁ ጻፉት። ትርጉሙን አንድ ጊዜ ንገሩትና እለፉ።

ሁለተኛውን ስም እንደ አባት ስም መቁጠር

በእኛ አገር ሰው የሚጠራው በራሱ ስም ነው። የአባቱ ከኋላ ይከተላል፣ ካላስፈለገም ይቀራል። አበበ ከበደን "አበበ" ካልነው በቂ ነው። ይኼ ልማድ ሳይታወቀን ሳይንሳዊ ስም ላይም ይገባል። ጸሐፊው አንድ ጊዜ "አልቪኒኮንቻ ሄስለሪ" ይልና ከዚያ ወዲያ "አልቪኒኮንቻ" እያለ ይቀጥላል። እዚህ ግን ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። የፊተኛው የጋራ ነው፤ ጂነስ ይባላል፣ የቅርብ ዘመዳሞቹ ሁሉ ይጋሩታል። ዝርያውን ለይቶ የሚያወጣው ሁለተኛው ነው። እሱን ስትጥሉ የጣላችሁት የራሱን ስም ነው።

ክሪሶማሎን ላይ ጉዳቱ ብዙም አይታይም። በጂነሱ ውስጥ ስም የወጣለት ዝርያ አንድ ብቻ ነው። አልቪኒኮንቻ ላይ ግን ጉድ ይፈላል። ስም የወጣላቸው ስድስት ዝርያዎች አሉ። ሄስለሪ በምዕራብ ፓስፊክ፣ ማሪያና አካባቢ ነው የሚኖረው። ማሪሲንዲካ በሕንድ ውቅያኖስ ነው። (የዚህኛው ስም "የሕንድ ባሕር" ማለት ነው፤ አልፎ አልፎ ስም እውነት ይናገራል።) አንድ ጊዜ የሁለቱ መረጃ ተደባልቆ፣ አንዱ ቀንድ አውጣ ከፓስፊክ እስከ ሕንድ ውቅያኖስ እንደ ልቡ ሲመላለስ የሚያሳይ ጽሑፍ ደረሰኝ። ጸሐፊው ሁለት ጥሩ ምንጮች ነበሩት። ሁለቱም ላይ "አልቪኒኮንቻ" የሚለውን አይቶ አንድ አደረጋቸው።

ሌላም ጣጣ አለ። እነዚህን በዓይን መለየት ከባድ ነው። ሄስለሪ ስም ያገኘው በ1988 ነው። የቀሩት አምስቱ እስከ 2014ና 2015 ጠብቀዋል፤ አብዛኞቹን በእርግጠኝነት ለመለየት ዲኤንኤ አስፈልጓል። ስለዚህ ፎቶ አይታችሁ ሁለተኛ ስም አትለጥፉ። ካላወቃችሁት "የአልቪኒኮንቻ አንድ ዝርያ" በሉ። ሳይንቲስቶቹም እንዲያ ነው የሚሉት፤ ነውር የለውም።

"ስኳሚፈረም" ብቻ ብሎ መጻፍም ያው ነው። ቃሉ ከጂነሱ ጋር ካልተቀመጠ የማንም ሊሆን ይችላል።

ዓመቶቹን ማምታታት

ክሪሶማሎን ላይ ሦስት ዓመቶች አሉ። በ2001 ካይሬይ በሚባለው የፍል ውሃ ሰፈር ተገኘ። በ2003 ሳይንስ በተባለው መጽሔት ላይ ወጣ። በ2015 ስም ተሰጠው። በመሀል ያሉትን ዓመታት ሁሉ ተመራማሪዎቹ ራሳቸው "ቅርፊታም እግሩ" እያሉ በቅጽል ስም ነበር የሚጠሩት። "በ2001 ክሪሶማሎን ስኳሚፈረም ተብሎ ተሰየመ" ስህተት ነው። "በ2015 የተገኘው" የሚለውም ስህተት ነው።

አንድ በእኛ ብቻ የሚደርስ ጥፋት ልጨምር። ከስሙ ቀጥሎ የሚመጣው የሰያሚዎቹ ስምና ዓመት የማጣቀሻው አካል ነው። ወደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር አይመለስም። "ቼን እና ሌሎች፣ 2007" የሚል አይቻለሁ። ጸሐፊው ስምንት ዓመት በጥንቃቄ ቀንሷል! ትጋቱ ደስ ይላል፣ ግን በዚያ ዓመት ስሙ የታተመበትን ጽሑፍ ፈልጎ የሚያገኝ ሰው የለም። ተገኘ፣ ተዘገበ የሚለውን በታሪክ መልክ ስትተርኩ ወደ እኛው ብትመልሱት ችግር የለውም፤ "ዓ.ም." እና "እ.ኤ.አ." የሚለውን ብቻ አትርሱ።

"ብረት ይበላል"

አይበላም። ጉሮሮው አካባቢ ባለ ትልቅ እጢ ውስጥ ባክቴሪያዎች ያኖራል፤ የሚመግቡት እነሱ ናቸው። ባክቴሪያዎቹ ኦክስጅን ስለሚፈልጉ ልቡ ከገላው አንጻር በጣም ትልቅ ነው፤ ከአካሉ መጠን 4 በመቶ ገደማ። ስለ ብረቱ ከምታጋንኑ ስለዚህ ልብ ብትጽፉልኝ ደስ ይለኛል።

የቀይ መዝገቡን ቃል መቀየር

በ2019 ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ይኼን ቀንድ አውጣ በቀይ መዝገቡ ላይ ለመጥፋት አደጋ የተጋለጠ ብሎ አሰፈረው። በባሕር ወለል ማዕድን ቁፋሮ ስጋት ምክንያት እዚህ ደረጃ የተመደበ የመጀመሪያው ዝርያ ነው። በወቅቱ ከሚታወቁት ሦስት ሰፈሮቹ፣ ካይሬይ፣ ሶሊቴርና ሎንግቺ፣ ሁለቱ የማዕድን ፍለጋ ፈቃድ የተሰጠባቸው ነበሩ። ይኼ አማርኛ ላይ ሲደርስ "በማዕድን ቆፋሪዎች የጠፋው ቀንድ አውጣ" ይሆናል። አልጠፋም። ፈቃዱም የፍለጋ ነው። መዝገቡ ላይ የሰፈረው በሙሉ ስሙ ነው፤ ከጥቅሱ ጋር ስሙንም ሙሉውን ጻፉ።

ቅንፍን እንደ ጌጥ ማየት

ሰያሚዎቹ በቅንፍ ውስጥ ሲሆኑና ሳይሆኑ ለየቅል ነው። ቅንፍ ካለ፣ ዝርያው መጀመሪያ ከተሰየመበት ጂነስ ወደ ሌላ ተዛውሯል ማለት ነው። ትልቁ የአፍሪካ የየብስ ቀንድ አውጣ በ1822 ሲሰየም አካቲና ውስጥ ነበር። ዛሬ ሊሳካቲና ፉሊካ (ቦውዲች፣ 1822) ተብሎ ይጻፋል። የእኛው ክሪሶማሎን ግን ከተሰየመበት አልተነቃነቀም። ስለዚህ ቅንፍ የለውም፤ ሲያምር ብላችሁ አትጨምሩለት።

ቶሎ ቶሎ

"ችራይሶማሎን"፣ "ክራይሶማሎን" እና "ክሪሶማሎን" በአንድ ገጽ ላይ ተገናኝተው አይቻለሁ። ክርስቶስን "ችርስቶስ" አንልም፤ ይኼም በ"ክ" ነው። አንዱን ያዙና እስከ መጨረሻ በሱ ሂዱ።

የእኛ ፊደል ትልቅና ትንሽ የለውም። በላቲን ፊደል የምታስገቡት ከሆነ ግን ጂነሱ በትልቅ ፊደል ይጀምራል። ሁለተኛው ሁልጊዜ በትንሽ ነው፣ የሰው ስም ቢሆን እንኳ። ሁለቱም ዘንበል ባለ ፊደል ይጻፋሉ፤ የሰያሚዎቹ ስም ግን ቀጥ ብሎ ይቆማል።

ዝርያው በሰው የተሰየመ ከሆነ መጨረሻውን እዩ። በእኛ ፊደል ሲጻፍ በሣልስ ካለቀ፣ እንደ ሄስለሪ፣ ሰውየው ወንድ ነው። በኃምስ ካለቀ ሴት ናት። ኒዮምፋለስ ፍሬተሬ በ1981 ሲሰየም ለቬራ ፍሬተር ክብር ነው፤ ሴት ናት። "ፍሬተር የተባለው ሳይንቲስት" እያላችሁ አትላኩልኝ።