ገዳይ አስማታዊ ሥፍራን ለምናብ ዓለም እንዴት እንፍጠር?

ለልብ ወለድም ሆነ ለጨዋታ እንዲህ ያለ ቦታ ስትፈጥሩ አስማቱን አቆዩት፤ መሬቱን አስቀድሙ። ለመነሻ በአፋር ካለው የፍል ውሃና የጨው ሥፍራ ከዳሎል የተሻለ አይገኝም። ዙሪያው ያለው ሜዳ ከባሕር ወለል በታች 120 ሜትር ገደማ ነው፤ የኩሬዎቹ ፒኤች (ሲያንስ አሲዱ የሚበረታበት መለኪያ) ከ0 በታች ይወርዳል። አዲስ የፈለቀው ጨው ነጣ ያለ ነው፤ ቆይቶ ቢጫ ይሆናል፣ ሲያረጅ ውስጡ ያለው ብረት ዝጎ ቡኒ ይሆናል።

ይህን ቀለም ሕግ አድርጉት። ለምሳሌ በእናንተ ዓለም ቢጫውን የረገጠ በየእርምጃው አንድ ስም ይረሳል፤ ቡኒው ላይ የቆመ ምንም አይሆንም። መግደያው አንድ ይበቃል። እሳት፣ መርዝና መንፈስ ሲደራረቡ አንባቢ የቱን እንደሚፈራ ግራ ይገባዋል።

የማይታይ አደጋ ካስፈለገ ካርቦን ዳይኦክሳይድ አለላችሁ፦ ከአየር ስለሚከብድ ጎድጓዳ ላይ ይተኛል። ቆሞ የሚሄደው ሲያልፍ፣ የጫማውን ክር ሊያስር ጎንበስ ያለው እዚያው ይቀራል።

ሰው ወደዚያ የሚሄድበት ምክንያትም ስጡ። አፋሮች በዚያ ሐሩር አሞሌ የሚቆርጡት ጨው ገበያ ስላለው ነው። ብዙ ጊዜ ሥራውን የሚያበላሸው ግን ሕጉን ለዋናው ገፀ ባሕርይ ሲሉ መጣስ ነው፤ እሱም ቢጫውን ከረገጠ ይርሳ፣ የእናቱን ስም እንኳ ቢሆን።