የልጅ አስተዳደግ ክርክርን በስምምነት መጨረስ

በአዲስ አበባ የሚሠራበት የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) ባልና ሚስት ፍቺውንም ውጤቱንም ተስማምተው ለፍርድ ቤት እንዲያቀርቡ ስለሚፈቅድ፣ ልጁ ከማን ጋር እንደሚኖር ለመወሰን መካሰስ ግድ አይደለም። መዝገብ የተከፈተባቸውም ቢሆኑ ጉዳያቸው በፍርድ ቤት መር አስማሚነት (በፍርድ ቤቱ ሥር በሚሠራ አስማሚ አማካይነት) እንዲታይ መጠየቅ ይችላሉ።

በሽምግልና ለመስማማት ከታሰበ ከየወገኑ አንድ ሽማግሌ፣ በጋራ ደግሞ አንድ ሦስተኛ ሰው መምረጥ ይበቃል። የሽማግሌ ልማድ ማስታረቅ በመሆኑ፣ የተጠሩት ለልጁ ጉዳይ ብቻ መሆኑ አስቀድሞ ካልተነገራቸው ሦስት ቅዳሜ «ትዳራችሁን አታፍርሱ» ሲባል ያልፋል። በመካከል ድብደባ ወይም ማስፈራራት ካለ ግን ሽምግልናን ትቶ በቀጥታ ወደ ሕግ መሄድ ይገባል።

ብዙ ጊዜ ሊሰጠው የሚገባው የስምምነቱ ጽሑፍ ዝርዝር ነው። «አባት ልጁን በፈለገ ጊዜ ይጠይቃል» የሚለው ቃል ሲሰሙት ደስ ይላል፤ ከወር በኋላ ጠብ የሚያስነሳው ግን እሱ ራሱ ነው። እናት አራት ኪሎ፣ አባት ሜክሲኮ አካባቢ የሚኖሩና ትምህርት ቤቱ ለእናት ቤት የሚቀርብ ከሆነ፣ ልጁ በትምህርት ቀናት ከእናቱ ጋር እንዲሆን፣ አባቱም በየሁለት ሳምንቱ ዓርብ ከትምህርት ቤት ተቀብሎ እሑድ ከቀኑ 11 ሰዓት ላይ እንዲመልሰው መጻፍ ይቻላል። በዓላት በየተራ፣ የክረምቱ ዕረፍት ለሁለት ተከፍሎ ይቀመጥ። ቀለብ ሲቆረጥ መጠኑ፣ የሚከፈልበት ቀንና የባንክ ሒሳቡ ይገለጽ፤ የትምህርት ቤት ክፍያና ሕክምና ከቀለቡ ተለይተው ይጻፉ፤ ክፍያው ሲጨምር ክርክሩ እንደ አዲስ የሚነሳው እዚህ ላይ ነውና።

አዋጅ ቁጥር 1237/2013 ፍቺና ሞግዚትነት በግልግል ዳኝነት (ተከራካሪዎቹ ራሳቸው በመረጡት ዳኛ) እንዳይታዩ ስለሚከለክል፣ የሽማግሌዎቹ ቃል ብቻውን ፍርድ አይሆንም። ስለዚህ ሁለቱም የፈረሙበት ስምምነት ከፍቺው ማመልከቻ ጋር ለፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ይቀርባል። ፍርድ ቤቱ ስምምነቱ የልጁን ደኅንነት በበቂ ሁኔታ አይጠብቅም ብሎ ካመነ ፍቺውን ብቻ አጽድቆ ጉድለቱን ራሱ ሊያርም ስለሚችል፣ የወላጆችን ገቢ፣ ጤናና የኑሮ ሁኔታ እንዲሁም የልጁን ዕድሜ በጽሑፉ ውስጥ አስቀድሞ ማስረዳት ይጠቅማል።