በቅኝ ግዛት ኬንያ የተጓደለ የምክር ቤት ወንበር እንዴት ይሞላ ነበር? ደረጃ በደረጃ

በ1955 ናይሮቢ ውስጥ በነበረው የሕግ አውጪ ምክር ቤት አንድ የአውሮፓውያን ሰፋሪዎች ተመራጭ ቢሞት ተተኪውን የሚመርጡት በዚያ የምርጫ ክልል የሚኖሩ አውሮፓውያን ነበሩ። በዚያው ዓመት፣ በዚያው አዳራሽ አንድ የአፍሪካውያን ተወካይ ወንበሩን ቢለቅ ግን የመጨረሻው ቃል የአገረ ገዥው ነበር። ኬንያውያን በአጭሩ «ሌጅኮ» ይሉት የነበረው ይህ ምክር ቤት ከፊሉ በምርጫ፣ ከፊሉ በሹመት፣ ከፊሉም በሥራ መደብ የሚሞላ ስለነበር ተተኪው የሚገባበት በር ከወንበር ወንበር ይለያይ ነበር።

ስለ ቅኝ አገዛዝ ስናነብ ዓይናችን የሚያርፈው በትልልቆቹ ምርጫዎች ላይ ነው። በሁለት ምርጫዎች መካከል ሳይታሰብ የተጓደለ አንድ ወንበር ግን ብዙ ጊዜ የበለጠ ይናገራል ባይ ነኝ። ሥልጣኑ በማን እጅ እንደነበረ በግልጽ የሚታየው በችኮላ ሰው መተካት ሲያስፈልግ ነውና። የሚከተሉት ደረጃዎች በአንድ የሕይወት ታሪክ ወይም የጥናት ጽሑፍ ውስጥ «እከሌ በእከሌ ቦታ ገባ» የሚል ዓረፍተ ነገር ለገጠመው አንባቢ፣ ሰውየው እንዴትና በማን ፈቃድ እንደገባ ለማወቅ ይረዳሉ። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ደረጃ 1፦ ከሁሉ በፊት ዓመቱን ይያዙ

ሌጅኮ በ55 ዓመት ገደማ ዕድሜው ብዙ ጊዜ መልኩን ስለቀየረ፣ ዓመቱን ሳያውቁ የአተካኩን ደንብ ማወቅ አይቻልም። ምክር ቤቱ በነሐሴ 1907 መጀመሪያ ሲሰበሰብ አንድም ተመራጭ አልነበረውም፤ ሁሉም የመንግሥት ሹማምንት ወይም አገረ ገዥው የሰየማቸው ሰዎች ነበሩ። ሰፋሪዎቹ 11 ተወካዮቻቸውን መምረጥ የጀመሩት በ1920 ነው። በ1923 የለንደን መንግሥት ያወጣው የዴቮንሻየር ሰነድ ለህንዳውያን 5፣ ለዐረቦች 1 የምርጫ ወንበር ሲሰጥ፣ የአገሬው ሕዝብ ጥቅም ግን በአንድ ተሿሚ ሚሲዮናዊ እንዲወከል ወሰነ። ሚሊዮኖች ለሆነ ሕዝብ አንድ ወንበር፣ እሱም ለውጭ ሰው! በ1924 በዚህ ወንበር የተቀመጡት የስኮትላንድ ቤተ ክርስቲያን ሚሲዮናዊው ዶክተር ጆን አርተር ነበሩ።

አፍሪካዊ ራሱ ገብቶ ለመናገር 1944ን መጠበቅ ነበረበት፤ በኦክስፎርድ የተማሩት መምህር ኤሊዩድ ማቱ በዚያ ዓመት ተሾሙ። በ1957 አፍሪካውያን ለመጀመሪያ ጊዜ 8 ተወካዮችን መረጡ፤ በ1958 ቁጥሩ 14 ሆነ፤ በ1961 ደግሞ አብዛኛው ወንበር በጋራ መዝገብ፣ ማለትም መራጮች በዘር ሳይከፋፈሉ በሚመዘገቡበት መዝገብ፣ የሚመረጥ ሆነ። እንግዲህ የያዙት ዓመት ከእነዚህ ዘመናት በየትኛው ውስጥ እንደሚወድቅ ማስታወሻዎ ላይ ይጻፉ።

ደረጃ 2፦ ወንበሩ የምን ዓይነት እንደነበረ ይለዩ

አራት ዓይነቶች አሉ። የመጀመሪያው በሥራ መደብ የሚያዝ ወንበር ነው። ዋናው ዐቃቤ ሕግ ወይም የገንዘብ ሹሙ ምክር ቤት የሚቀመጠው ሹመቱን ስለያዘ ነው፤ ለዕረፍት እንግሊዝ ሲሄድ ተጠባባቂው ይቀመጥበታል። እዚህ ላይ ጊዜዎን አያጥፉ፤ ሰው ይቀየራል እንጂ ወንበሩ አይጓደልም ማለት ይቻላል።

ሁለተኛው አንድ ማኅበረሰብ የሚመርጠው ወንበር ነው። ሦስተኛው አገረ ገዥው የሚሾምበት ነው። አራተኛው፣ በ1958 የመጣውና ብዙ አንባቢ የሚያደናግረው፣ «ልዩ ተመራጭ» የሚባለው ነው። እነዚህ 12 ነበሩ፤ 4 አፍሪካውያን፣ 4 እስያውያን፣ 4 አውሮፓውያን። የመረጣቸው ሕዝብ ሳይሆን ምክር ቤቱ ራሱ ነበር። «ተመራጭ» የሚለውን ቃል አይተው በሕዝብ ድምፅ የገባ እንዳይመስልዎ። በእነ ቶም ምቦያ የሚመሩት የአፍሪካ ተመራጮች አጥብቀው የተቃወሙትም በዚህ ምክንያት ነው፤ ለእነዚህ ወንበሮች የቀረቡትን አፍሪካውያን ከሃዲ እስከ ማለት ደርሰው በዚሁ ምክንያት ተከሰው ፍርድ ቤት ቀርበዋል።

ደረጃ 3፦ ወንበሩ ለምን እንደተጓደለ ይጠይቁ

በቅኝ ግዛት ምክር ቤቶች ሕግ ውስጥ የተለመዱት ምክንያቶች ሞት፣ በጽሑፍ መልቀቅ፣ ያለ ፈቃድ ለረጅም ጊዜ መቅረት፣ የዕዳ ኪሳራ፣ በወንጀል መቀጣት እና የመንግሥት ደመወዝተኛ መሆን ናቸው።

እዚህ ላይ ወንበርን ከተሰሚነት መለየት ያስፈልጋል። የሰፋሪዎቹ አውራ የነበሩት ሎርድ ዴላሜር በኅዳር 1931 ሲሞቱ ሁለት ነገር ነው የተጓደለው፤ በሕግ የሚታወቀው የሪፍት ቫሊ ወንበራቸውና በሕግ የማይታወቀው የተመራጮቹ መሪነት። መሪነቱ ወደ ሎርድ ፍራንሲስ ስኮት አለፈ። ብዙ ጽሑፎች «ዴላሜርን ተኩ» ሲሉ የትኛውን ማለታቸው እንደሆነ ስለማይለዩ አንባቢው ራሱ መለየት አለበት።

የፖለቲካ ጉድለትም አለ። በ1920ዎቹ የህንድ ማኅበረሰብ በዘር በተከፋፈለ መዝገብ አንመርጥም፣ የጋራ መዝገብ ይሁን ብሎ በተደጋጋሚ ምርጫውን ተቃውሟል። እንዲህ ያለውን ባዶ ወንበር ሰው እንደታጣበት ቦታ አድርገው አይቁጠሩት፤ ሆን ተብሎ ባዶ የተተወ ነው።

የአፍሪካውያኑን ጉዳይ ሲያዩ ደግሞ እስርንም ልብ ይበሉ። ፋኑኤል ኦዴዴ የሌጅኮ አባል ነበሩ። ጆሞ ኬንያታ በጥቅምት 1952 ሲታሰሩ እሳቸው ይመሩት የነበረውን የአፍሪካውያን የፖለቲካ ድርጅት፣ የኬንያ አፍሪካ ኅብረትን፣ ኦዴዴ በተጠባባቂነት መሩ፤ በመጋቢት 1953 ኦዴዴም ታሰሩ። ሰባት ዓመት ያህል በግዞት ቆዩ። የምክር ቤት አባልነት በማው ማው አመፅ ሳቢያ በ1952 ከወጣው የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አላዳናቸውም።

ደረጃ 4፦ በትክክለኛው በር ይግቡ

ከዚህ በኋላ ያለው ሥራ በደረጃ 2 ባገኙት መልስ ይወሰናል።

የአውሮፓውያን ወንበር ከሆነ መንገዱ ቀና ነው። ጉድለቱ ይታወጃል፤ የማሟያ ምርጫ ይጠራል፤ ምርጫ አስፈጻሚው የዕጩዎች ማቅረቢያ ቀን ይቆርጣል። አንድ ሰው ብቻ ከቀረበ ያለ ድምፅ አሰጣጥ ተመራጭ መሆኑ ይነገራል፤ ከአንድ በላይ ከሆኑ ሕዝቡ ድምፅ ይሰጣል። ሕዝቡ ሲባል ታዲያ በዚያ ክልል መዝገብ የሰፈሩት አውሮፓውያን ብቻ ናቸው። በእርሻው ላይ የሚሠራው ኪኩዩ ወይም ካሌንጂን በመዝገቡ የለም።

ከ1957 በፊት የነበረ የአፍሪካውያን ወንበር ከሆነ ፍለጋው ሌላ ነው። የአካባቢ ምክር ቤቶች ወይም ከክፍለ ሀገሩ የተውጣጡ መራጮች ስሞችን ያቀርባሉ፤ አገረ ገዥው ከመካከላቸው ይሰይማል። ዋናው ምሳሌ የጥቅምት 1955ቱ ነው። የሪፍት ቫሊ አፍሪካውያን ተወካይ የነበሩት ዶክተር ጆን ኦሌ ታሜኖ ወንበሩን ለቀቁ። ስሞች ለአገረ ገዥው ለሰር ኤቨሊን ባሪንግ ቀረቡ፤ እሳቸውም በ30ዎቹ መጀመሪያ ላይ የነበሩ አንድ መምህር ሰየሙ፤ ዳንኤል አራፕ ሞይን። ሞይ በ1957 ወንበሩን በድምፅ አስከበሩ፤ በ1978 ፕሬዚዳንት ሆኑ፤ ሥልጣን የለቀቁት በ2002 ነው። ይህን ያህል የረዘመ የፖለቲካ ሕይወት የጀመረው በአንድ የጉድለት ማሟያ ሹመት ነው። የማቱ ዕጣ ደግሞ ተቃራኒው ሆነ፤ ለ13 ዓመት በተሿሚነት የሠሩት አንጋፋ በመጀመሪያው ምርጫ በበርናርድ ማቴ ተሸነፉ።

ከ1957 በኋላ የአፍሪካውያኑም ወንበር በምርጫ የሚሞላ ሆነ፤ የመራጩ መዝገብ ግን እንደ አውሮፓውያኑ አልነበረም። ትምህርት፣ ገቢ፣ ንብረት፣ ዕድሜና አገልግሎት እየተቆጠሩ አንዱ አንድ ድምፅ፣ ሌላው እስከ ሦስት ድምፅ ይሰጥ ነበር። ኪኩዩ፣ ኤምቡና ሜሩ የሆኑ መራጮች በዚህ ላይ ለመንግሥት ታማኝ መሆናቸውን የሚያረጋግጥ ምስክር ወረቀት ይጠየቁ ነበር። ስለዚህ በእነዚያ ዓመታት «ተመረጠ» የሚል ሲያዩ «በየትኞቹ መራጮች?» የሚለውን ጥያቄ አይተዉት።

በ1961 ደግሞ ወንበር ሆን ተብሎ የሚለቀቅበት ጊዜ መጣ። ለእኔ ከሁሉ የሚልቀው ታሪክ ይህ ነው። በየካቲት በተደረገው ምርጫ ካኑ (የኬንያ አፍሪካ ብሔራዊ ኅብረት) የተባለው ፓርቲ ብዙ ድምፅ ቢያገኝም ኬንያታ ካልተፈቱ መንግሥት አልመሠርትም አለ። (ኬንያታ በ1930ዎቹ አጋማሽ፣ ጣሊያን አገራችንን በወረረበት ጊዜ፣ ለንደን ውስጥ ለኢትዮጵያ የቆመ የአፍሪካውያን ማኅበር ጸሐፊ ነበሩ።) ኬንያታ በነሐሴ 1961 ተፈቱ፤ በጥቅምት የካኑ ፕሬዚዳንት ሆኑ። ምክር ቤት መግባት ግን አልቻሉም። በ1953 ካፔንጉሪያ በተባለች ከተማ በተሰየመ ችሎት 7 ዓመት ተፈርዶባቸው ነበር፤ ሕጉ ደግሞ ከ2 ዓመት በላይ የታሰረን ሰው ይከለክላል።

እርምጃዎቹን በቅደም ተከተላቸው ይመልከቱ። በመጀመሪያ ክልከላው ከሕጉ መውጣት ነበረበት፤ ይህን ማድረግ የሚችለው ለንደን ስለነበረ ግፊቱ ወደዚያ ሄደ፣ ሕጉም ተሻሻለ። ቀጥሎ ባዶ ወንበር ያስፈልግ ነበር፤ የፎርት ሆል ተመራጭ ካሪዩኪ ንጂሪ የራሳቸውን ለቀቁላቸው። ከዚያ የማሟያ ምርጫው ተጠራ፤ ተቀናቃኝ አልቀረበም። በጥር 1962 ኬንያታ ሌጅኮ ገቡ፤ በቀጣዩ ወር ለንደን በላንካስተር ሃውስ በተከፈተው የሕገ መንግሥት ጉባኤ የካኑን ልዑካን መሩ። ንጂሪ ባይለቁ ኖሮ የሕጉ መሻሻል ብቻውን ወንበር ላይ አያስቀምጣቸውም ነበር፤ ወንበር ባይጓደል ማሟያ ምርጫ አይጠራምና። ይህን የንጂሪን ድርሻ ብዙ የታሪክ መጻሕፍት በአንድ መስመር ያልፉታል፤ የሚገባው ግን ከዚያ በላይ ነው።

ደረጃ 5፦ መሐላውን ይፈልጉ

ተመራጭም ሆነ ተሿሚ አባል ለእንግሊዝ ዘውድ ታማኝነቱን በመሐላ ወይም በማረጋገጫ ቃል ሳያጸና በስብሰባው ተቀምጦ ድምፅ መስጠት አይችልም። ስለዚህ የተመረጠበትና ሥራ የጀመረበት ቀን ሁለት የተለያዩ ቀኖች ናቸው። በሕይወት ታሪኮች ላይ የሚታየው የቀን መለያየት ብዙ ጊዜ ከዚህ ይመነጫል።

ደረጃ 6፦ በሰነድ ያረጋግጡ

የመጀመሪያው መሄጃዎ የቅኝ ግዛቱ መንግሥት ጋዜጣ፣ ኬንያ ጋዜት ነው። እንደ እኛ ነጋሪት ጋዜጣ ሕጎችንና ሹመቶችን የሚያወጣ ነው፤ የድሮዎቹ ቅጾች ጉግል ቡክስ ላይ በነፃ ይነበባሉ። ከ1920 በፊት ያሉትን በምሥራቅ አፍሪካ ጥበቃ ግዛት ስም ይፈልጓቸው። የምርጫ ወንበር ከሆነ ከአንድ በላይ ማስታወቂያ ይጠብቁ፤ ስለ ጉድለቱ፣ ስለ ዕጩ ማቅረቢያው ቀን፣ ስለ ውጤቱ። ሁለተኛው የምክር ቤቱ ቃለ ጉባኤ፣ ሃንሳርድ ነው። የስብሰባውን ቀን የመጀመሪያ ገጽ ያንብቡ፤ አዲስ አባል ካለ መሐላው እዚያ ይመዘገባል።

የሹመት ወንበር ሲሆን ጋዜጣው ላይ የሚያገኙት አገረ ገዥው እከሌን መሰየሙን የምትገልጽ አጭር ማስታወቂያ ብቻ ሊሆን ይችላል። ለሹመቱ እነማን እንደታጩ፣ እነማን እንደተጣሉና ለምን እንደተጣሉ ከእሷ አያገኙም። ለዚያ የደብዳቤ ፋይሎችን መፈተሽ ያስፈልጋል፤ ናይሮቢ ሞይ አቬኑ ላይ ባለው ብሔራዊ ቤተ መዛግብት፣ ወይም ለንደን ኪው በሚገኘው የብሪታንያ ቤተ መዛግብት «ሲኦ 533» በሚለው የኬንያ ደብዳቤዎች መደብ። ፋይሉን ሲጠይቁ በተተኪው ስም ብቻ ሳይሆን በለቀቀውም ሰው ስም ይፈልጉ፤ ስለ ተተኪው የተጻፈው ደብዳቤ ብዙ ጊዜ የሚገኘው እዚያ ውስጥ ነው።